ውዳሴ ለነጥብ ጨማሪዎች

ባለፈው ቅዳሜ ቴሌቪዥን የከፈታችሁ ሁሉ አይታችሁታል፤ ባታዩትም የአምናውን አይታችኋል፣ ያው ነው። ኳስ በእጅ ተይዞ በሚሮጥበት በአሜሪካ ፉትቦል፣ አንድ ስመ ጥር የአሜሪካ ዩኒቨርሲቲ አንድ ትንሽ ኮሌጅን ጠቀም ያለ ገንዘብ ከፍሎ ሜዳው ድረስ ያስመጣዋል። ከዚያም ይቀጠቅጠዋል። ውጤቱ ሃምሳ ምናምን ለባዶ ደርሶ፣ የእንግዳው ቡድን ልጆች እያነከሱ፣ ፉትቦሉ ሊያበቃ ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው ስታዲየም ሙሉ ሕዝብ ብድግ ብሎ “ጨምር!” ይላል። አጠገቤ የተቀመጠው የአገሬ ልጅ “እኛን ማን ይችለናል!” ብሎ ጠረጴዛውን ሲደበድበው ቡናዬ ተደፋ። በዚያ ዩኒቨርሲቲ ደጃፍ ያለፈው አንድ ጊዜ መንገድ ጠፍቶበት ነው።

እንግዲህ እነዚህን “ጨምር!” ባይ ነጥብ ጨማሪዎች ማማት ይብቃንና እናመስግናቸው። ከእኩያ ጋር ገጥሞ ማሸነፍ ምን ይደንቃል? አንድ ቀን አንተ፣ አንድ ቀን እሱ። እኩያውን የሚገጥም ሰው የመሸነፍን ጣጣ ይዞ ወደ ሜዳ የሚገባ ግዴለሽ ነው። “የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል” ያሉት አባቶች ለዛፉ አዝነው ነው፤ ለባለ ምሳሮቹ ያሰበላቸው የለም። የወደቀውን ደጋግሞ መፍለጥም እኮ ወገብ ይፈልጋል።

የዚህ ሙያ አባት እ.ኤ.አ. የ1901ዱ የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ቡድን ነው። አሠልጣኙ ፊልዲንግ ዮስት በዚያ ዓመት ገና ሥራ መጀመሩ ነበር፤ ተጫዋቾቹን ፋታ ስለማይሰጥ “ቶሎ በል” የሚል ቅጽል ስም ነበረው። 11 ጊዜ ገጥመው 11ዱንም አሸነፉ፤ 550 ነጥብ አስቆጥረው የተቆጠረባቸው ዜሮ ነው። አዮዋን 50 ለ0፣ ቤሎይትን 89 ለ0። “በደቂቃ አንድ ነጥብ” የሚለው ስም የተረፋቸው ከዚህ ነው። የዓመቱን ሻምፒዮንነት ደግሞ መዝገብ አገላባጮች ከአሥርተ ዓመታት በኋላ ቁጭ ብለው ሰጧቸው። እውነቱን ለመናገር ልጆቹ ጎበዞች ነበሩ፤ ነገሬ ከልጆቹ ጋር አይደለም።

ከሁሉም በላይ ግን በኦክቶበር ከቡፋሎ ዩኒቨርሲቲ ጋር የተደረገውን ግጥሚያ አድንቁልኝ። 128 ለ0! ያን ጊዜ ኳስን ወደ ፊት መወርወር ክልክል ነበር፤ የተፈቀደው በ1906 ነው። ነጥብ የሚገኘው በአብዛኛው በሩጫና በግፊያ፣ ሰው በሰው ላይ እየተከመረ ነው። አንድ ተችዳውን፣ ማለትም ኳሱን ይዞ የተጋጣሚን የመጨረሻ መስመር ማለፍ፣ 5 ነጥብ ብቻ ነበር፤ ዛሬ 6 ነው። ነጥብ ጨማሪዎች ይህን ሲሰሙ ብዕር አውጥተው 128ን በዛሬ ምንዛሪ ሲመቱት ይታየኛል። ምቱት፣ መብታችሁ ነው።

እኔን የሚደንቀኝ ተመልካቹ ነው። የመጀመሪያዎቹን 20 ነጥቦች ማንም ደስ ብሎት ያያል። 40 ላይ ልበ ቡቡው ቀስ ብሎ ይወጣል። 60 ላይ ልጁን ይዞ የመጣ አባት “ለምን አያቆሙም?” ተብሎ ይጠየቃል፤ መልስ ያጣል፤ እሱም ይወጣል። 80 ላይ የሚቀረው እውነተኛው ወዳጅ ነው። 90 ላይ ድምፁ ይዘጋል እንጂ አይቀመጥም። 100 ሲሞላ ባርኔጣውን ወደ ላይ ይወረውራል፤ ቀጥሎ ባርኔጣውን ከሰው እግር ሥር ፈልጎ ያነሣና 101 ላይ እንደገና ይወረውራል፤ ምክንያቱም 101 ከ100 ይበልጣል። 110 ላይ የቡፋሎ ልጅ ከመሬት መነሣት ሲያቅተው “አስመሳይ!” ይለዋል። 120 ላይ ዳኛው ለእንግዳው ያደላል ብሎ ይቆጣል። 127 ላይ ይጸልያል፦ አምላኬ ሆይ፣ ይህችን አንዲት ነጥብ አትንፈገኝ! አምላክም አይነፍገውም። ማታ ቤቱ ገብቶ ጫማውን እያወለቀ ለሚስቱ “ዛሬስ ተፋለምን” ይላታል።

አያቶቻችን ሲፎክሩ የገደሉትን አንበሳና ዝሆን ይቆጥሩ ነበር። ጫጩት ቆጥሮ “ዘራፍ!” ያለ አልሰማሁም፤ ስላልሠለጠኑ ይሆናል።

የዓመቱ መዝጊያ ጃንዋሪ 1 ቀን 1902 ካሊፎርኒያ ውስጥ ፓሳዴና ላይ ሆነ፤ ዛሬ ሮዝ ቦውል የሚባለው ግጥሚያ የመጀመሪያው ነው። ተጋጣሚው ስታንፎርድ ነበር። ይኸው ስታንፎርድ በ1900 ዮስትን አሠልጣኝ አድርጎ አሠርቶ፣ ከገዛ ምሩቆቼ በቀር አሠልጣኝ አልቀጥርም ብሎ አሰናብቶታል። ዮስት 11 ልጆች አሰልፎ፣ አንድም ሳይቀይር፣ 49 ለ0 አድርጎ ሒሳቡን አወራረደ። ሊያልቅ 8 ደቂቃ ሲቀረው የስታንፎርድ አምበል ይብቃን ብሎ ለመነ። የሚሺጋን ልጆችም እሺ አሉ።

እሺ! በደቂቃ አንድ ነጥብ ሲታሰብ 8 ነጥብ እንደ ዋዛ ሜዳ ላይ ቀረ። 558 መሆን የሚችል ዓመት 550 ላይ ቆመ። ለምኖ የመጣን ሰው ፊት አይቶ ማቆም ምን የሚሉት አስተዳደግ ነው? የዛሬዎቹ ወዳጆቻችን እዚያ ቢኖሩ ኖሮ አምበሉን ራሱን ይዘው ያሰልፉት ነበር።

አሁን ሽሙጡን ላስቀምጠው። ሚሺጋን ከዚያ ዓመት ጀምሮ 56 ጊዜ ሳይሸነፍ ቆየ። በ1905 የመጨረሻው ግጥሚያ ከቺካጎ ጋር ነበር። አንድ የሚሺጋን ተማሪ ተጋጣሚው የለጋውን ኳስ ይዞ ለመሮጥ ሲሞክር ከገዛ መስመሩ በስተኋላ ተጣለ፤ 2 ነጥብ ተቆጠረ፤ 2 ለ0 ተሸነፉ። የዓመቱ ድምር 495 ለ2 ነው። 495! እና ጣት ሁሉ ወደዚያ ልጅ ተቀሰረ። ዩኒቨርሲቲውን ለቅቆ ሄደ። በ1932 ሕይወቱን በገዛ እጁ ሲያጠፋም ስሙ አብሮ የሚነሣው ከዚያች ቀን ጋር ነው። 128ን በጭብጨባ ያጣጣመ ሕዝብ 2ን መዋጥ አቅቶት በአንድ ተማሪ ትከሻ ላይ ጫነ። እነዚህ ሰዎች ስፖርት አይወዱም። የሚወዱት ሰው ሲረገጥ ማየት ነው፤ የሚረገጠው ከጠፋ የራሳቸውን ልጅ ያጋድማሉ። ነውር ነው።

ወደ ምስጋናዬ ልመለስ። ውለታ ቢስ የሆኑት የፓሳዴና አዘጋጆች ብቻ ናቸው። ያንን 49 ለ0 ካዩ በኋላ ለዓመታት ፉትቦል ይቅርብን ብለው የሠረገላ ግልቢያ አመጡ፤ የሰጎን ሩጫም አመጡ። እስቲ ነጥብ ጨማሪ እዚያ ምን ይሠራል? የተሸነፈች ሰጎን መሸነፏን አታውቅም፤ አንገቷን ቀና አድርጋ ትሄዳለች። አትለምን፣ አታለቅስ! የመግቢያ ገንዘቡ በከንቱ ይቀራል።

ደግነቱ በ1916 ፉትቦሉ ወደ ፓሳዴና ተመለሰ። በዚያው ዓመት ኦክቶበር ደግሞ አትላንታ ላይ ጆርጂያ ቴክ ከምበርላንድ የሚባል ትንሽ ኮሌጅን ገጠመ። ከምበርላንድ ቡድኑን በትኖ ነበር፤ ካልመጣህ 3,000 ዶላር ትከፍላለህ ስለተባለ ልጆች ለቃቅሞ መጣ። ውጤቱ 222 ለ0 ሆነ። የሚሺጋን ወዳጆች ሆይ፣ 128ታችሁን ይዛችሁ ወደ ኋላ ወንበር እለፉ።