ላይ ከደረሰ በኋላስ?

ፎቅ በፎቅ እየወጡ ጭራቅ የሚገድሉበት አኒሜ (የጃፓን ካርቱን)፣ ዌብቱን (ኦንላይን የሚነበብ ኮሚክ)፣ ጌም አሁን በጣም በዝቷል፣ አብዛኛው ደግሞ አንድ አይነት ነው፣ ልጁ ደካማ ሆኖ ይገባል፣ ፓወር ያገኛል፣ ከዛ ዝም ብሎ መውጣት ነው። ጫፍ ደርሰህ ምን ልታደርግ ነው ብትሉት መልስ የለውም። እኔን እንዲህ አይነት ጀግና አያጠግበኝም።

ሶርድ አርት ኦንላይን የሚባለውን አኒሜ ያየ ሰው የምለው ይገባዋል። 10,000 ሰው ጌም ውስጥ ተቆልፎበታል፣ እዛ የሞተ የምሩን ይሞታል፣ መውጫው አይንክራድ የሚባለውን 100 ፎቅ ያለው ግንብ መጨረስ ነው። ገና 1ኛው ፎቅ ላይ ሰውን ሁሉ ያስተባበረው ዲያቤል ቦሱን፣ የፎቁን ዋና ጭራቅ፣ በመጨረሻ ለመታ የሚሰጠውን ሽልማት ፈልጎ ብቻውን ገባና ሞተ፣ ያ ሁሉ ጉብዝናው ለአንድ ሽልማት ሄደ።

ሳሻን ደሞ ስንት ሰው ያስታውሳታል? እሷም እንደሌላው ጌሙን ልጨርስ ብላ ነበር የተነሳችው፣ ግን ያለሰው የቀሩ ህፃናት ስታይ ጥላቸው መሄድ አቃታት፣ እዛው 1ኛ ፎቅ ቤተክርስቲያን ውስጥ ሰብስባ ታኖራቸዋለች፣ ላይ ያሉት ጎበዞች ግን 70 ምናምን ፎቅ ሲወጡ እነዚህ ልጆች ምን እየበሉ ነው ያለ የለም። ለኔ የዛ ታሪክ ትልቋ ጀግና እሷ ናት።

ዋናውን ጀግና ኪሪቶንም ቢሆን የወደድኩት 22ኛ ፎቅ ላይ ከሚስቱ ከአሱና ጋር በእንጨት ቤት ሲኖር ነው፣ የሚሳሳለት ነገር ያገኘው እዛ ነው። 75ኛው ፎቅ ላይ 14 ሰው ሞቶ ቦሱ ሲወድቅ ሌላው ደክሞት ተዘርሯል፣ እሱ ግን ዞር ብሎ አብሯቸው የሚዋጋውን መሪ የሂዝክሊፍን ፊት አየ፣ ሰውየው ራሱ የጌሙ ሰሪ ካያባ መሆኑን የነቃው በዛ ነው፣ ጌሙም እዛው አለቀ፣ 100 ሳይደርሱ። ቀጣዩን ፎቅ ብቻ ቢያስብ ኖሮ ይሄን አያይም ነበር።

ከስራ ደክሞኝ ገብቼ ጀግናው ሲያሸንፍ ባይ ምን አለበት የሚሉ አሉ፣ ምንም የለበትም። ግን ግንቡን ማን ሰራው፣ ህጉን ማን አወጣው፣ የወደቁት የት ገቡ ብሎ የማይጠይቅ ልጅ 100 ፎቅ ቢወጣም ያው ሰሪው ያዘዘውን ነው የፈፀመው። ደራሲዎቹ ሌላ 50 ፎቅ ከሚጨምሩ ጀግናውን አንዴ ወደ ታች መልሰው ካለፋቸው ሰዎች ጋር ቁጭ ቢያደርጉት እኔ ያንን ምእራፍ ነው ቀድሜ የማነበው።