በርግብ ክንፍ መፎከር

ሰሞኑን ቡና ላይ አንድ ወዳጃችን ኒው ኪም የተባለችው የቤልጂየም የውድድር ርግብ እ.ኤ.አ. በ2020 በ1.6 ሚሊዮን ዩሮ መሸጧን ሲያነሣ፣ ጎረቤቴ ወሬው ሳያልቅ ስልኩን አውጥቶ ወደ ብር መመንዘር ጀመረ። ይህ ሰው የባዕድ አገር ጫማም ሆነ የኳስ ተጫዋች ደመወዝ ብር ካልሆነ እንቅልፍ አይወስደውም። እርሱ ዜሮ ሲቆጥር ስለ ርግቧ ልናገር ያሰብሁት ሁሉ ጉሮሮዬ ላይ ቀረ።

ዋጋውን የሰቀለችው እኮ ርግቧ አይደለችም። በስውር ስም የሚጫረቱ ሁለት ቻይናውያን እልህ ተጋብተው ከ200 ዩሮ የተነሣውን ጨረታ ሽቅብ ወሰዱት፤ ወፏም የተፈለገችው ለእርባታ እንጂ ለውድድር አልነበረም። «ፈረሱም ይኸው ሜዳውም ይኸው» የሚለውን ተረት አብዝቼ የምወደው ፎካሪውን ራሱን ኮርቻ ላይ ስለሚያወጣው ነው። ርግብ አርቢ ግን ከወንበሩ ሳይነሣ ጀግና ይባላል። ወፏ በመቶ በሚቆጠሩ ኪሎሜትሮች ርቀት ላይ ስትለቀቅ የምታስበው ቤቷን ብቻ ነው፤ እሽቅድምድሙ ያለው በሰዎቹ ልብ ውስጥ ነው። ወንዱን ለማፍጠን ደግሞ ከሴቲቱ ለይተው ያከርሙትና፣ በውድድሩ ዋዜማ ለጥቂት ጊዜ አሳይተው ይነጥቁታል። ምስኪኑ በናፍቆት የበረረውን ባለቤቱ በደቂቃ ስንት ሜትር እንደሆነ አስልቶ ዋንጫውን ሳሎኑ ውስጥ ይደረድራል። ትዳር አፍርሶ ዋንጫ!

በቻይና ሁለት ሰዎች ይህም አዝጋሚ ሆነባቸው። እ.ኤ.አ. በ2017 ከሻንግቺዩ ወደ ሻንጋይ በተደረገው ውድድር፣ አስቀድመው በሁለቱም ከተሞች ቤት ያስለመዷቸው ርግቦች እንደተለቀቁ እዚያው ሻንግቺዩ ባዘጋጁላቸው ቆጥ ሲያርፉ ሰብስበው፣ በወተት ካርቶን ሸሽገው በፈጣን ባቡር ሻንጋይ አደረሷቸው። ተፎካካሪዎቻቸው ፍጥነቱን ሲጠራጠሩ ሽልማቱን ትተው፣ ማስረጃ እንዳይገኝባቸው ርግቦቹን ገደሏቸው። ፍርድ ቤቱ የሦስት ዓመት እስራት ፈርዶ በገደብ ለቀቃቸው፤ ለወፎቹ ግን ገደብ የሰጠ አልነበረም። ጎረቤቴ ይህን ቢሰማ የሚጠይቀኝ የባቡሩ ትኬት በብር ስንት እንደሚወጣ ብቻ ነው።

እኔን የሚያንገበግበኝ ግን ሌላ ነው። በልጅነቴ በትምህርት ቤታችን ሩጫ፣ እኛ ሜዳውን ዞረን በአቧራ ስንታጠን፣ በአጥሩ ቀዳዳ ሾልኮ አንደኛ የወጣ ልጅ ነበር። ደብተርና እስክሪብቶ ተሸለመ፤ እኛም እንድናጨበጭብ ታዘዝን። የሻንጋዮቹን እንኳ የተጠራጠረ ሰው ተገኘ፤ ያንን ቀዳዳ ግን መምህራኑ ራሳቸው ሻይ ለመጠጣት በየዕረፍቱ ይወጡበት ነበር።