አቦ በስፖንሰር

ድሬዳዋ፣ ሰፈራችን ገንደ ቆሬ ውስጥ አንድ ልጅ አለ። ሥራው የድሬ ልጅ መሆን ነው። እኛም የድሬ ልጆች ነን፤ ግን በነጻ ነው የምንሠራው።

ድሮ ጂንስ ነበር የሚለብሰው። አሁን ቲክቶክ ሊቀርጽ ሲል ሽርጥ ያገለድማል፣ በአንድ ትንፋሽ ሦስት ጊዜ «አቦ» ይላል። ካሜራው ሲጠፋ እንደ ዜና አንባቢ ነው የሚያወራው። «የድሬ ሰው ግድ የለውም፣ ዘና ብሎ ነው የሚኖረው» የሚለው ቪዲዮው ብዙ ሰው አይቶለታል። እሱን ለመቅረጽ ግን ገና ሳይነጋ ከዚራ ዛፎቹ ሥር ተገትሮ ነበር። ረፈድ ካለ ሙቀቱ ስልኩን ያጠፋበታላ! ከሰዓት በኋላ ከተማው በርጫ ላይ ሲቀመጥ እሱ ኤዲት ያደርጋል።

አንድ ጠዋት ፈጢራ የምትሸጥ ሴት ጋ ሄድን። ስልኩን የያዝኩት እኔ ነኝ።

«ሊጡን እንደገና ዘርጊው፣ ብርሃኑ ጥሩ አልነበረም» አላት። ዘረጋችው።

«አሁን ደግሞ እየሳቅሽ።»

«ልቀቀኝ አቦ! ዘይቴ እያረረ ነው። ትበላለህ ወይስ ትቀርጻለህ?»

የዚያን ቀን የሰማሁት እውነተኛ «አቦ» ይሄ ብቻ ነበር። ቆርጦ ጣለው።

ከተማችን ራሷ የ«ይቅር አቦ» ውጤት ናት። ከጅቡቲ የተነሳው የባቡር ሐዲድ ሐረር እንዲገባ ነበር የታሰበው። ዳገቱ ሲከብድ ሜዳው ተመረጠ፤ በ1895 ዓ.ም. ባቡሩ እዚህ ደረሰ፣ ድሬም በቀለች። ይሄን ሥራበት ብለው ታሪክ ጊፍት (ተመልካች በቲክቶክ የሚልከው፣ ወደ ገንዘብ የሚቀየር ስጦታ) አያመጣም አለኝ።

ማታ ማታ ላይቭ ገብቶ ከአንድ የሐረር ልጅ ጋር ባትል፣ ማለትም የጊፍት ፉክክር፣ ይገጥማል። ያኛው ጅብ እያበላ ነው የሚቀርበው። (ጅቡ ከጊፍቱ ድርሻ የለውም።) «ስክሪኑን ነካ ነካ አርጉልኝ፣ ድሬ አትሸነፍም!» ይጮኻል የኛው። አገሩ የናፈቀው ዲያስፖራ ከእንቅልፉ ተነስቶ የአንበሳ ጊፍት ይልካል። ባትሉ ሲያልቅ ሁለቱ ተደዋውለው የነገውን ስድብ ይከፋፈላሉ።

ባለፈው «ድሬ ላይ አንቱታ የለም፣ ሽማግሌውንም አንተ ነው የምንለው» የሚል ቪዲዮ እየቀረጽኩት ስልኩ ጠራ። ስፖንሰሩ ነው። ሽርጡን ሰብስቦ ቀጥ ብሎ ቆመ።

«አቤት ጋሼ! እርስዎ ባሉት ቀን ይደርሳል ጋሼ!»