እርማት፦ በጣርማ በር ገደል ጉም ላይ ስለሚታየው «ግዙፍ ሰው»

«ጣርማ በር ገደል አፋፍ ላይ ሲቆሙ ጉሙ ውስጥ ባለቀለም ቀለበት የከበበው ግዙፍ ሰው ይታያል፤ የገደሉ ጠባቂ ነው፣ ያየው ሁሉ ይከተለው» እየተባለ ነው። መታየቱስ ልክ ነው፤ ሰውየው ግን የራስዎ ጥላ ነው።

ገደሉ ወደ ምሥራቅ፣ ወደ ቆላው ስለሚያይ፣ ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ከጀርባ ዝቅ ስትል ጥላዎ ከፊት ለፊት የተኛው ጉም ላይ ያርፋል። ጉም ጥልቀት ስላለው ጥላው ሩቅና ግዙፍ ይመስላል። ቀለበቱን የሚፈጥሩት ብርሃኑን ወደ መጣበት የሚመልሱ ጥቃቅን የውሃ ጠብታዎች ናቸው፤ ቀዩ ቀለም ሁልጊዜ በውጭ በኩል ነው።

ለማጣራት ቀኝ እጅዎን ያንሱ፤ እሱም ያነሳል። አጠገብዎ የቆመውንም ይጠይቁ፤ ቀለበቱን የሚያየው በራሱ ጥላ ጭንቅላት ዙሪያ ብቻ ነው። ጠዋት ፀሐይ ከፊት ስለምትሆን በዚያ በኩል አይታይም (ጠባቂ ቢሆን ኖሮ ጠዋትም ሥራ በገባ)።

አደገኛው «ይከተለው» የሚለው ነው። ጥላ አይደረስበትም፤ ጉሙ ግን የገደሉን ጠርዝ ይሸፍናል፣ እርጥብ ሣርም ያንሸራትታል። ከአፋፉ ራቅ ብለው ይቁሙ፤ ጉም ከዋጥዎ እስኪገለጥ ድረስ ባሉበት ይቀመጡ።