ዲግሪዬ መዝገብ ቤት ተኝቶ ጡረታዬ እየተበላ ነው

ወገን፣ ዛሬስ ዝም ማለት አቃተኝ። ድሬዳዋ ውስጥ አንድ መንግሥት መሥሪያ ቤት 27 ዓመት አገልግያለሁ። በዲፕሎማ ተቀጥሬ፣ ከሥራ መልስ በዚያ ሙቀት እስከ ሳቢያን እየተመላለስኩ ማታ ተምሬ ዲግሪ ያዝኩ። ክፍያውን ከልጆቼ ጉሮሮ ነጥቄ ነው የከፈልኩት። ማስረጃ ይጣራ ሲባልም የኔው ተጣርቶ "ትክክለኛ ነው" የሚል ደብዳቤ ማህደሬ ውስጥ ገብቷል።

ጄኢጂ የሚባለው የሥራ ምዘናና ደረጃ አወሳሰን ከመጣ ወዲህ ደመወዝ የሚከፈለው ለመደቡ እንጂ ለወረቀቱ እንዳልሆነ አውቃለሁ። ዲግሪ ስላመጣሁ ብቻ ይጨመርልኝ አላልኩም። ግን ዲግሪ የሚጠይቀው መደብ እኛው ክፍል ውስጥ ክፍት ነው! ሥራውንም የምሠራው እኔ ነኝ። ደብዳቤው "በተጠባባቂነት" ይላል። የምፈርመው እኔ፣ ኦዲተር ሲመጣ የምጠየቀው እኔ፤ ደመወዜ ግን ያው የድሮው። የመደቡ የውድድር ማስታወቂያ ለምን አይወጣም?

የሰው ሀብት ስሄድ "ጋሼ፣ ኮሚቴው አልተሟላም"፣ "ጋሼ፣ በጀት ዓመቱ ይዘጋና"፣ "ጋሼ፣ ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው።" በልጅቷ አልፈርድም፤ እሷ የታዘዘችውን ነው የምትናገረው። አንድ ቀን ማህደሬን አውርዳ ክሩን ፈትታ አሳየችኝ። ማመልከቻዬ ከላይ ነው። ጥግ ላይ በሰማያዊ እስክሪብቶ "ይታይ" ተብሎ ተመርቷል። ያንን የጻፈው ኃላፊ ተዛውሯል። የተተካው ገልጦም አላየው።

ወጣቶቹ "አቦ ጋሼ፣ ለትንሽ ብር ምን አናደደዎት?" ይሉኛል። ትንሽ ብር አይደለም፤ ስሙኝማ። የመንግሥት ሠራተኛ ጡረታ የሚሰላው ከመውጣቱ በፊት ባሉት 3 ዓመታት አማካይ ደመወዝ ነው። ለ10 ዓመት አገልግሎት 30 በመቶ፣ ከዚያ በላይ ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል፣ ጣሪያው 70 በመቶ ነው። እኔ አሁን 57 ዓመቴ ነው። 60 ሞልቶኝ ስወጣ አገልግሎቴ 30 ዓመት ይሆናል፤ የሚደርሰኝ የአማካዩ 55 በመቶ ነው። በእኔና በመደቡ ደመወዝ መካከል ያለው ልዩነት 2,000 ብር ቢሆን፣ በየወሩ 1,100 ብር ይጎድልብኛል ማለት ነው። በዓመት 13,200 ብር፣ እስክሞት ድረስ! ከሞትኩም በኋላ አያበቃም፤ ለባለቤቴ የሚተላለፈው የጡረታዬ ግማሽ ስለሆነ ጉድለቱ እሷንም ይከተላታል።

እድገቱን በ59 ዓመቴ ቢሰጡኝ አማካዩ ውስጥ የሚገባው የአንድ ዓመቱ ብቻ ነው። አንድ ዓመት በዘገዩ ቁጥር የልዩነቱ ሲሶ ከእድሜ ልክ ጡረታዬ ይነሳል። "ይታይ" ብሎ ማስቀመጥ ይህን ያህል ያስከፍላል። የተጠባባቂነት አበል እንኳ ቢከፈለኝ አበል ለጡረታ አይታሰብም፤ የሚታሰበው መደበኛው ደመወዝ ነው። ከእኔ የሚቆረጠው 7 በመቶ ግን ዘግይቶ አያውቅም። መቁረጡ በወቅቱ ከተቻለ ማወዳደሩስ ለምን በወቅቱ አይቻልም?

ባለፈው ዓመት አንዲት ታላቅ እህታችን እንዲሁ በተጠባባቂነት እየሠራች ጡረታ ወጣች። ሽኝት አደረግንላት፣ አለቀስን፣ ጋቢ አለበስናት። ጡረታዋ በድሮው ደረጃ ተሰላ። ገንደ ቆሬ ተከራይታ ነው የምትኖረው፤ አከራይ ደግሞ ደረጃሽ ስንት ነበር ብሎ አይጠይቅም። እሷን ባየሁ ቁጥር አንጀቴ ያርራል።

ማስታወቂያውን ለጥፉ፣ ልወዳደር። የሚበልጠኝ ካለ ይውሰደው፣ ቅር አይለኝም። ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው በጽሑፍ አስገብቻለሁ፤ መልስ ካጣሁ አስተዳደር ፍርድ ቤት ድረስ እሄዳለሁ። እናንተም 55 ያለፋችሁ የድሬ ሠራተኞች፣ ነገ ዛሬ ሳትሉ ማህደራችሁን አስከፍቱ። የትምህርት ማስረጃችሁ መያያዙን፣ የቅጥር ደብዳቤያችሁ መኖሩን እዩ። ማመልከቻ ስታስገቡ ቅጂው ላይ ቀንና ማህተም አስደርጉ፣ ቅጂውንም ቤታችሁ አስቀምጡ።