ጭልፊትና የሰፈር ዳኝነት

አዲስ አበባ ውስጥ ሥጋ ቤት ደጃፍ ቆሞ ቁርጥ የሚበላ ሰው ግራ ቀኙን ያያል እንጂ ወደ ላይ አያይም። ጭልፊት ደግሞ የምትመጣው ከላይ ነው። መንቁሯ ቢጫ ነው፣ ጅራቷ ጫፉ ላይ ሰንጠቅ ያለ ነው። ሰውዬው ቁራጩን አዋዜ ነክሮ ወደ አፉ ሲያስጠጋ ላፍ! የምትነጥቀው በእግሯ ነው። ከዚያ እየበረረች ከእግሯ ወደ መንቁሯ ታቀብላለች። ወንበር አትፈልግ፣ ሂሳብ አትጠየቅ።

የሚገርመኝ ግን እኛ ነን። ሰው ስልኩን ቢነጠቅ "ሌባ! ያዘው!" ብለን ሰፈር እናናውጣለን። ሥጋውን ጭልፊት ስትወስድበት ግን እንስቃለን። አንዱ "ያልተጻፈልህ ነው" ይለዋል። አንዲት እናት ደግሞ "እሰይ ልጄ፣ ክፉህን ይዛልህ ሄደች!" ብለው ይመርቁታል። ባለ ሥጋ ቤቱማ "እኔ መዝኜ አስረክቤያለሁ" ብሎ ቢላውን ይስላል። እሱ ከኪሎው ውስጥ አጥንት ሲመዝን ማንም ቀና ብሎ አላየውም፤ ይህን በቅንፍ ያዙልኝ።

ገጠር ስንሄድ ፍርዱ ይገለበጣል። በደጋው አገር ስልክ እንጨት ላይ ጉብ የሚል፣ ጀርባው ጥቁር፣ ጅራቱ ቀይ አዳኝ ወፍ አለ። ፈረንጆቹ ኦገር ባዛርድ ይሉታል። ባሌ ሳነቴ ላይ ከቀይ ቀበሮ ጋር አይጥ ሲሻማ ይውላል። አይጥ ለቀመ ማለት ለገበሬው እህል ጠበቀ ማለት ነው። ጫጩት አይነካም አልልም፤ ከተመቸው ይሞክራል። ግን ጫጩት በጠፋ ቁጥር ድንጋይ የሚወረወረው ወደ እሱ ነው። የበላችው የጎረቤት ድመት ብትሆንስ? ከጎረቤት ከመጣላት ሰማይ ላይ ማፍጠጥ ይቀላል።

በዓቢይ ጾም 55 ቀን ሥጋ ቤቱ ሲዘጋ ጭልፊት አትጾምም፤ ወደ ቆሻሻ ገንዳ ትወርዳለች። ፋሲካ ሲደርስ ግን ሥራዋ ሌላ ነው፤ ማን እንዳረደ ታሳብቃለች። በኛ ሰፈር አንድ ጋሼ "ዘንድሮስ በግ አልተቻለም፣ በሽሮ ነው የምንፈስከው" እያሉ ሰንብተው ነበር። በበዓሉ ማለዳ ግቢያቸው አናት ላይ የጭልፊት መንጋ ይዞራል። ሰፈሩ ቀና ብሎ አየ። ማንም ምንም አልተናገረም። ብቻ ነጠላውን እያጣፋ፣ "እንኳን አደረስዎ" ሊላቸው ተራ በተራ በራቸውን ማንኳኳት ጀመረ።