19 በመቶው የት ገባ?

የባሕር በር ወሬ በተነሳ ቁጥር ትዝ የሚለኝ አንድ ቁጥር አለ፤ 19። (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጠቅሰው፤ ውሎቹም የተጻፉት በዚያው ነው።)

በመጋቢት 2018 ኢትዮጵያ በሶማሌላንዱ በርበራ ወደብ 19 በመቶ ድርሻ እንድትይዝ ስምምነት ተደረሰ። የዱባዩ የወደብ ኩባንያ ዲፒ ወርልድ 51፣ ሶማሌላንድ 30፣ እኛ 19። ሶማሌላንድን ግዛቴ ናት የምትለው ሞቃዲሾ ተቆጣች፤ የሶማሊያ ፓርላማም ስምምነቱን ውድቅ አደረገ። እኛ ዘንድ ዜናው ተነገረ፣ ተጨበጨበ፣ ከዚያ ተረሳ።

በ2022 የሶማሌላንድ የገንዘብ ሚኒስትር ኢትዮጵያ ቅድመ ሁኔታዎቹን በጊዜው ስላላሟላች ድርሻዋን አጥታለች አሉ። እንግዲህ የቀማን የለም፤ ቀነ ገደብ ነው ያለፈብን። እቁብ ገብቶ ሳይጥል የቀረ ሰው ዕጣ ደረሰኝ ማለት አይችልም።

ወደቡ ደግሞ እኛን ቁጭ ብሎ አልጠበቀም። 400 ሜትር የሚረዝመው አዲሱ የኮንቴይነር ተርሚናል በ2021 ተመረቀ። ከበርበራ እስከ ቶጎ ውጫሌ ያለው መንገድም ተሠራ። እዚያው ድንበራችን ድረስ ማለት ነው።

ከዚያ በጥር 2024 ከሶማሌላንድ ጋር ሌላ ፊርማ መጣ። ለባሕር ኃይል የሚሆን 20 ኪሎ ሜትር የባሕር ዳርቻ ለ50 ዓመት በኪራይ። ቀጣናው ታመሰ። ሶማሊያ ከግብፅ ጋር የመከላከያ ስምምነት ተፈራረመች፤ ነገሩ ዞሮ ዞሮ በታኅሣሥ አንካራ ላይ፣ በቱርክ ሽምግልና ረገበ። በእጃችን ገብቶ የነበረውን ድርሻ ሳንጨርስ ትተን፣ ከሁለት ዓመት በኋላ በብዙ እጥፍ የሚከብድ ነገር ይዘን መጣን።

ጥያቄው ትክክል አይደለም እያልኩ አይደለም። ከ90 በመቶ በላይ የሚሆነው የገቢና ወጪ ንግዳችን በጅቡቲ በኩል ነው የሚያልፈው። በአፋር ሙቀት ወደ ጋላፊ የሚወርደውን የከባድ መኪና ሹፌር ጠይቁት፤ አንድ በር ብቻ መኖር ምን ማለት እንደሆነ ከማንም ምሁር በላይ ያስረዳችኋል።

የእኔ ቅሬታ ፊርማ ስለምንወድ ነው። ከፊርማው ማግስት ያለው አሰልቺ ሥራ ባለቤት የለውም።

አሰልቺውን ሥራ ስንሠራው ደግሞ እንችልበታለን። ከወላይታ ሶዶ ኬንያ ሱስዋ ድረስ የሚሄደውን የኤሌክትሪክ መስመር እዩ። 1,045 ኪሎ ሜትር ነው፣ ባለ 500 ኪሎ ቮልት። የዓለም ባንክ ብድሩን በ2012 ሲያጸድቅ እዚህ መለስ፣ እዚያ ኪባኪ ነበሩ። በኅዳር 2022 ኃይል መሄድ ሲጀምር ዐቢይና ሩቶ ነበሩ። በመሀል መሪዎች ተቀያየሩ፣ እዚህ ሰሜኑ ላይ ያ ሁሉ ጦርነት አለፈ። ምሰሶው ግን አንድ በአንድ ቆመ። ውሉ ለመጀመሪያዎቹ ሦስት ዓመታት 200 ሜጋ ዋት ይላል፤ ያን ያህል የሚያስፎክር አይደለም። ናይሮቢ ግን ለመብራቱ ትከፍለናለች፣ እኛም ዶላር እናገኛለን። ስለዚህ መስመር ቲክቶክ ላይ የተጨቃጨቀ ሰው አላየሁም።

እስቲ ከምክር ቤት አባላት አንዱ ይጠይቅልኝ። የበርበራው ያልተሟላ ቅድመ ሁኔታ ምን ነበር? ገንዘብ ነው? ሰነድ ነው? ቀኑን እንዲከታተል የታዘዘውስ የትኛው መሥሪያ ቤት ነበር?